የጫማ ቁጥር

ክብርት ዳኛ፣
የመዝገቤን ቁጥር በእንቅልፌም ቢጠይቁኝ አልስትም፤
የልጄን የጫማ ቁጥር ግን፣ ዘንድሮ ስንት እንደሆነ አላውቅም።

አቤት ባልኩ ሰሞን፣ ከሌሊት ፈረቃ ስወጣ በማለዳ፣
ሱቁ እስኪከፈት ቆሜ፣ ዝናብ እየመታኝ ሜዳ፣
ቀይ ጫማ ገዛሁላት፤ ሃያ ስድስት ቁጥር፣
በረገጡት ቁጥር ብልጭ የሚል ከሥር።
ይኸው አሥራ ዘጠኝ ወር፣ ከነካርቶኑ አልጋዬ ሥር ተቀምጧል፤
ጫማው አላደገም፤ እግሯ ግን ሄዷል።

በቩፐርታል ባቡሩ ተንጠልጥሎ በወንዝ ላይ ይሄዳል፤
ተንጠልጥሎም ቢሆን በሰዓቱ ይደርሳል።
የኔ ጉዳይ ተንጠልጥሎ፣ ተንጠልጥሎ ይውላል።

በመዝገብ ቤት ያለችው ወይዘሮ ኬሰልማን ደግ ሴት ናት፤
ፍስሐጽዮን የሚለውን ስሜን ለመጨረስ ትንፋሽ ቢያጥራት፣
«ይታገሡ» አለችኝ፤ «የፊተኛው ዳኛ ተዛወሩ፤ አዲሷ መዝገቡን ገና አላዩም፤
ልጅቷን የምታነጋግረው ባለሙያም ከወሊድ ፈቃድ አልተመለሰችም።»
(እግዜር ያሳድግላት። ልጇን ታቅፋለች፤ አልቀየማትም።)

እንግዲያው ጻፍኩ፣ «ስለ ማፋጠን» የሚል ሌላ ማመልከቻ፤
ከሦስት ሳምንት በኋላ መጣልኝ ማኅተም ያለበት ፖስታ ብቻ፦
«ደርሶናል። በተራው ይታያል።»
ለካስ ጥድፊያም ተራ ይጠብቃል።

አጎቴ፣ በደጅ ጥናት ያረጀ ነገረ ፈጅ፣ በስልክ መከረኝ፦
«ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» አለኝ።
እንቁላሉማ ሄደ፣ አጎቴ!
እግር አውጥቶ፣ ቦርሳ አዝሎ፣ ትምህርት ቤት ገባ።
በእግሩ መሄድ ያቃተው መዝገቡ ነው።

አንድ ቀን ከባቡሩ መስኮት አየኋት መሰለኝ፤
ልጆች ሁለት ሁለት ሆነው፣ እጅ ለእጅ ተያይዘው ድልድዩን ሲሻገሩ።
ከላይ ሲያዩት ልጅ ሁሉ አናት ብቻ ነው።
ቢጫ ቆብ፣ ቢጫ ቆብ፣ ሰማያዊ ቆብ።
ሚልካናን ከየትኛው ቆብ ሥር ልፈልጋት?

ሌሊት ሌሊት ካርቶኑን ከፍቼ
የጫማውን ተረከዝ በአውራ ጣቴ እጫነዋለሁ።
በፊት ሦስቴ ብልጭ ይል ነበር።
ባለፈው ሳምንት፣ አንዴ።
ትናንት ሁለቱንም እጄን ተጠቀምኩ።

ክብርት ዳኛ፣
እናቷን አልከስም፤ እሷም ደክማለች፤
የሷም ማመልከቻ ከኔው ሥር ተጋድሟል፤ እኩል አቧራ ጠጥተናል።
ይፍረዱልኝ አላልኩም። ካስፈለገም ይፍረዱብኝ።
በአያቶቼ ዘመን «በሕግ አምላክ!» የተባለ ሰው
እግሩን ካነሳበት ሳያሳርፍ፣ ባለበት ይቆም ነበር፤
እኔ ግን በሕግ አምላክ የምለው
ሕጉ ራሱ እንዲራመድ ነው።

ቀን ይቁረጡልኝ። ሩቅም ይሁን፣
ሐሙስም ይሁን፣ የበረዶ ቀንም ይሁን፤
ቀኑን ካወቅሁ ጣቴን ቆጥሬ፣ ወሩን ደምሬ፣ እግሯን እገምታለሁ።
ሱቁ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ይከፈታል፤
ሻጩ አሁን ያውቀኛል፤ ገና ከበሩ ይጠይቀኛል፦

ስንት ቁጥር?