ፍሬን

ሃያ ዘጠኝ ዓመት ናታኒያ ስንኖር፥
ተጋቡ የተባልነው እኔና እሱ ነበር፤
ሁለታችንን የሚያውቅ የማቀዝቀዣው በር።

እሱ ሌት በአሥር አውቶቡስ ሊያስነሳ፥
እኔ ከሆስፒታል፥ ከእንፋሎት፥ ከአንሶላ አበሳ፥
ደረጃ ላይ ተላልፈን፥ ሰላምታም ስንረሳ።
«ወጡ ከታች አለ»፥ «መብራት ተከፈለ»፥
«ኤላድ ሲያስል አደረ፥ የሞራን ጥርስ ተነቀለ»፤
ትዳራችን በማግኔት ተለጥፎ ዋለ።

ሰንበት ባትኖርልኝ፥ እውነት ለመናገር፥
ባሌን መንገድ ላይ ባየው አላውቀውም ነበር።

ልጆች ወጡ። ጡረታው ደረሰ። አንድ ማታ መጣና
ቁልፍ የለመደ መዳፉን ባዶውን ዘረጋና፥
«ያልጋነሽ፥ እንሂድ።»
«ወዴት?»
«ማንም ወደማይቸኩልበት ጎዳና።»
ስሙም ቢተው አይደል? ምን አለበት ቢተውስ፥
መሪውን፥ ደወሉን፥ ያን ሁሉ አውቶቡስ!

ከላኪሽ ወዲያ ነው፤ የወይን ማሳው ሲያበቃ ሞሻቩ ይጀምራል።
ሁለት ክፍል ቤት። ዘጠኝ የወይራ ችግኝ። አጥሩን እሾህ ወሮታል።
መጀመሪያ ሰሞን ጸጥታው አሳመመኝ፤
ሊፍቱ ናፈቀኝ፥ የላይ ቤት ወንበር ሲጎተት ናፈቀኝ፤
ቀበሮ ሲጮህ ቢተውን ቀስቅሼ፥ «ማነው የሚጠራኝ?»

እሱ ደግሞ ባሰ፤ በአሥር ይነቃል፥ ጫማውን ያስራል፥
በረንዳው ላይ ቆሞ የሚነዳው ያጣል፤
ተኝቶም ቀኝ እግሩ ፍራሹን ይረግጣል፥
በሕልሙ ጎዳና ሰው ሳያይ ይሻገራል።
ከጎኑ ሆኜ፥ «አይዞህ፥ አልፏል» ስለው፥
«ልጅ ነበረ» ይላል፥ ላቡን በክንዱ እየጠረገው።

ሳዲያ ጎረቤታችን፥ የመን ተወልዶ ሰማንያን ያለፈ፥
በአጥር አሻግሮ ጤና አዳም ሰጠኝ፥ ከነአፈሩ እንዳቀፈ።
እሱ «ሻዳብ» ይለዋል፤ እኔም የእኔን ስም ነገርኩት፤
ሁለታችንም አሸተትነው፥ ዝም አልን፥ ተከልኩት።

ቢተው ወደ ወይራው ወስዶ፥ «መቼ ያፈራል?» አለው።
ሽማግሌው በጣቱ ቆጠረ፤ አምስት... ስድስት... ተወው።
«ምን አስቸኮለህ ወንድሜ፥ ፌርማታ ላይ ማን ቆሞ ነው?»

እኔም በቀን ብርሃን ባሌን ማየት ጀመርኩ።
ከግራ ቅንድቡ በላይ ጠባሳ አገኘሁ፤ «ይሄ ከየት መጣ?» አልኩ።
«ከሠርጋችን በፊት» አለ።
አፈርኩ።
እሱም አያውቅ ኖሯል፥ ሽንኩርት ስከትፍ ብቻዬን እንደማወራ፤
በሩ ሥር ሲያዳምጠኝ ያዝኩት፤ ደነገጥን፥ እንደ ትናንት ሙሽራ፥
በስልሳ ዓመታችን አንገት ደፋን፥ በዚያ ሁሉ ጠራራ።

አልተጣላንም አልልም። አንድ ቀን የጠብታ መስኖውን
እስከ ጥጉ ከፍቶ አፈነዳው ቧንቧውን።
«ጠብታ ነው ስሙ!» አልኩ፥ ቀሚሴ ረጥቦ።
«ጎርፍ ቢሉት ኖሮ...» አለ፥ ሳቅ ይዞት፥ በጭቃው ተከቦ።

ከዚያ ወዲህ ቀስ ብሏል። ጫማው በር ላይ ያድራል፤
አሥር ሰዓት ይመጣል፥ በላዩ ላይ ያልፋል።
ቀን ሁለቴ ብቻ የሚመጣው አውቶቡስ በአጥራችን ሲያልፍ
«ሰባት ደቂቃ ዘገየ!» ይል ነበር፥ ሰዓቱን እያየ፤
ዛሬ ለሾፌሩ እጁን ያውለበልባል፥ ቲማቲም እንደያዘ፥ ዘገየም አልዘገየ።

ዓርብ ሲመሽ ሰንበትን በር ላይ ቆመን እንቀበላታለን፤
ድሮ የምታገናኘን እሷ ነበረች፤
አሁን እኛ እንጠብቃታለን፥ ሁለት ሆነን።

በአራተኛው መኸር፥ ከዘጠኙ አንዷ፥ የአጥሩ ሥሯ፥
ሰባት ፍሬ ያዘች። ቆጠርኩ። ሰባት።
ቢተው ቅርንጫፏን በመዳፉ ደግፎ ቆመ፤ አልቀጠፋት።
ሞራን ደወለች ያን ጊዜ፤ አማርኛዋ ስስ ናት፤
«አባባ ምን እየሠራ ነው?» አለች።
በመስኮት አየሁትና፥ «ፍሬን ይዟል» አልኳት።
«መኪና ገዛችሁ?» አለች።

ሳቄን ሰምቶ ዞረ። እጁን ግን አላነሳም።