ሰው የለ

ፒያሳ፣ ከሲኒማው ጓሮ፣ ከሰዓት ሠሪው ወዲያ፣
ነበረችኝ አንዲት ክፍል፣ አንዲት የታይፕ መጻፊያ።
የፍርድ ቤት አቤቱታ፣ የኪራይ ውል፣ የሥራ ልመና፣
ጣቴ ያውቀዋል የሰው ጉዳይ፣ ልቤ ሳይሰማው ገና።

አንድ ሐሙስ፣ ዝናብ አባሯቸው፣ ገቡ አቶ ላቀው፣
የለገሃር ቲኬት ቆራጭ፣
የባቡሩን ፈረንሳይኛ ጡረታ ያላስጣላቸው።
ከኮታቸው ሥር ሦስት ደብተር፣ በሲባጎ የታሰረ፦
«ትያትር ነው» አሉኝ፣ «ሰው ያላየው፣ ሞቶ የተቀበረ።
ደራሲው ፈረንሳዊ ነው፣ ኦጉስት ቬርላክ ይባላል፤
ስሙን አታውቂውም፤ አትፈሪ፣ አገሩም ረስቶታል።»

መቅድሙን መታሁ መጀመሪያ።
የዳቦ ጋጋሪ ልጅ ነው፣ ከወደብ ዳር መንደር፣
ግጥም የሚጽፈው በዱቄት ከረጢት ወረቀት ነበር።
አባቱ ምድጃ ይከተዋል፤ ልጁ ደግሞ ይጽፋል፤
(እዚህ ላይ አቶ ላቀው በቀይ፦ «ዳቦው ግን ይጣፍጣል»።)
ሃያ ዓመት ሲሞላው ፓሪስ፣ ከጣራ ሥር ቤት ይዞ፣
የሰው ትያትር መጋረጃ ሳቢ፣ ገመድ ጨብጦ፣ ደንዝዞ፣
የሌሎችን ጭብጨባ ከጎን ቆሞ እየሰማ፣
ጻፈ አንድ ተውኔት፦ ሁለት ሰው፣ አንድ መብራት፣ የቀረው ጨለማ።

አዳራሹ ስድስት መቶ ወንበር። የመጡት ሰባት።
አንዱ ተኝቷል። አንዷ የመጣችው ለሙቀት።
ሦስት ምሽት ታየ፤ ተዘጋ። እሱ ግን፣ ይላል መቅድሙ፣
ለሰባቱም ደብዳቤ ጻፈ፣ በየሰፈሩ፣ በየስሙ፦
«ሌላ አለኝ፣ ትመጣላችሁ?» ማንም አልመለሰለት፤
ለተኛው ሰውዬ እንኳ ሁለተኛ ጻፈለት።

የአማርኛ ታይፕ ታውቃላችሁ? ፊደሉን ትመቱና
እጅ እግሩን ለብቻው ትቀጥሉለታላችሁ እንደገና።
አቶ ላቀውም እንደዚያው፣ ቃሉን ገንጥለው ገጥመው፣
አንዲቷን መስመር ስድስት ጊዜ አምጥተውልኛል ደግመው።
መጨረሻ ላይ መብራት ይጠፋል፤ ሴትዮዋ ጨለማውን፦
«ማን አለ?» ትላለች። ባሏ ይመልሳል፣ አንድ ቃል ብቻውን።
በነሱ ቋንቋ «ሰው» ማለት ነው፤ «ማንም»ም ነው፣ ያው ራሱ፤
በዚህ ቃል አቶ ላቀው ሁለት ክረምት ታመሱ።
«ሰው» ቢሉት ወርቁ ጠፋ፤ «ማንም» ቢሉት ሰሙ ፈሰሰ፤
የሰረዙት ወረቀት ደረጃው ድረስ ደረሰ።

አንድ ማታ፣ ቀለሙ ደርቆ፣ ሪባኑን ስገለብጥ፣
አመለጠኝ ከአፌ፣ ሳላስብ፣ ቁልፍ ከእጅ እንደሚያመልጥ፦
«ሰው የለ፣ ይበሉ፤ አራት ነጥቡን፣ ጥያቄ ምልክቱን ይተዉት፤
የጨነቀው ‹የለም› ብሎ ይስማው፤ ተስፋ ያለው ‹የለም እንዴ?› ይበልበት።»
መነጽራቸውን አወለቁ። ዝም። ቲኬት እንደሚቆርጡ
ጣታቸው አየሩን ቆነጠረ፤ ሳይሰናበቱኝ ወጡ።

በቸርችል ጎዳና ቁልቁል፣ ወደ ትልቁ ትያትር ቤት፣
ሦስት ቅጂ ይዘው ወረዱ፣ ክራቫት አስረው፣ በጠዋት።
«ሁለት ሰው? አንድ መብራት? ቁም ነገሩስ የታል?» አሏቸው፤
«መጨረሻው ነጥብ የለውም፤ የታይፕ ስህተት ነው» ብለው መለሱላቸው።
አልተናደዱም። ከራስ ሆቴል ደጅ ቆመው፣
ከአላፊው መንገደኛ ሰባት ሰው ቆጠሩ፤
«ለቬርላክ ይበቃዋል» አሉኝ፣ እየሳቁ ሲናገሩ።
በመስከረም ሞቱ። ካርቦኑ ግን እኔ ዘንድ ቀረ፤
ሰማያዊ፣ ጠርዙ የተበላ፣ ከኪራይ ውሎች ጋር የታሰረ።

ፒያሳ ሲፈርስ፣ የኛም ደረጃ ተራው ደርሶ፣
ዕቃዬን ላወጣ ወጣሁ፤ ጣራው ግማሹ ተገርስሶ
ሰማይ ገብቶ ተቀምጧል ከወንበሬ። አነበብኩት፣
ጮክ ብዬ፣ ለግድግዳው፤ የሷንም የሱንም ድምፅ ሰጠሁት።
ስምንተኛዋ እኔ ነኝ ብዬ፤ ይልቁንም ለዚያ ለተኛው፣
ሁለተኛው ደብዳቤ ምናልባት ዛሬ ለሚደርሰው።

«ማን አለ?»
«ሰው የለ»

ከላይ ቆርቆሮ የሚነቅል ልጅ፣ ምስማር በጥርሱ የነከሰ፣
መዶሻውን አቆመ። ፊቱን ወደ ቀዳዳው መለሰ።
ምስማሩን መዳፉ ላይ ተፋ፤
ወራጁ ላይ ተቀመጠ፣ እግሩን አንጠልጥሎ፦
«ከዚያስ፣ እትዬ?»