እጅ ያልሰጠው ዚፕ

ፖፕራድ ከተማ፣ ከታትራ ተራሮች ግርጌ፣
መስኮቱን ጉም የሚያጥበው አንድ ቤተ ሙከራ አለ፤
ዝዴንካ እዚያ ውስጥ ጨርቅ ታሠቃያለች፣
እንጀራዋ ነው።

የበጋውን ፀሐይ በመብራት ታወርድበታለች፣
የክረምቱን ዝናብ ባንድ ቀን፣ ከላይ፣ ከጎን፣
ሲያሰኛት ከሥር።
በአሸዋ ወረቀት ትፈትገዋለች፣
ከበረዶ ሣጥን ከትታ ትረሳዋለች
(መርሳቱም በሰዓት ነው)፤
የተቀደደውን ትመዘግባለች፣
ያልተቀደደውን ትጠረጥራለች።

ዘንድሮ ተራው የዚፕ ነው።
የአዲሱ ድንኳን በር፣ ጥርሱ ጥቁር፣
መጎተቻው ከምስር ፍሬ የማይበልጥ።
የብረት ክንድ ያዘውና
ይከፍታል፣ ይዘጋል፣
ይከፍታል፣ ይዘጋል፣
ሻይዋ ይቀዘቅዛል፣
ይከፍታል፣ ይዘጋል፣
ባልደረባዋ ራዶቫን አግብቶ ከጫጉላው ይመለሳል፣
ይከፍታል።
አሥር ሺህ። አንድም ጥርስ አልወለቀ።
«ዚፑ እጅ አልሰጠም» ብላ ጻፈች፤
ፊርማዋን ግን ለሰኞ አቆየችው፣
ለምን እንደሆነ እንጃ።

ቅዳሜ ድንኳኑን ይዛ ከአባቷ ጋር ወጣች።
ኡርባን፣ ለተራራ ላይ ማረፊያዎች
አርባ ዓመት ስንቅ በጀርባው ያመላለሰ፣
ምድጃ፣ በርሜል ቢራ፣ አንዴማ ግማሽ ፒያኖ፤
አሁን ማንኪያ የሚያመልጠው፣
እጁ እንደ ጎረቤት ውሻ
ቢጠሩት የማይመለስ።

ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ነቃች።
ንፋስ የለም። ዝናብም የለም።
ጥፍር ከብረት ሲጋጭ ብቻ፣ ጠቅ፣ ጠቅ፤
አባቷ በጉልበቱ፣ በሩ ሥር፣
ያቺን ምስር በጨለማ ይለቅማል፣
ታመልጠዋለች፣ ይለቅማታል፣ ታመልጠዋለች።
ሽንት ወጥሮታል፣ ጥርሱን ነክሷል፣
ልጁ እንዳትነቃበት።

ልርዳህ አላለችም። የተኛች መሰለች።
መቁጠር ለምዶባታልና ግን ቆጠረች፦
አሥራ ዘጠኝ፣ ሃያ፣ ሃያ አንድ፣
ሃያ ሁለት፣
ሃያ ሦስት።
ከዚያ ጠቅታው ቆመ።
የድንኳኑ ወለል ውኃ እንደማያሳልፍ ታውቃለች፣
ራሷ ናት የፈተነችው።

ጠዋት ሁለቱም ስለ ጤዛ አወሩ።
ዘንድሮ ጤዛው በዛ አለ አባት፣
በዛ አለች ልጅ፣
ፍራሹን ፀሐይ ላይ እየዘረጋች።

ሰኞ መዝገቡን ገለጠች።
«ዚፑ እጅ አልሰጠም»፤
አንድ ቃል ሳትሰርዝ፣ አንድ ፊደል ሳትጨምር፣
ከሥሩ «ወድቋል» ብላ ፈረመች።

ራዶቫን በትከሻዋ አሻግሮ አየና
«አሥር ሺህ እኮ ነው!» አላት።
«ሃያ ሦስት» አለችው።