መብራት ሲመጣ

ከሌሊቱ ስምንት፣ ከተማው ተኝቶ፣
ከባሕሩ በኩል ነፋሱም ሞቶ፣
ድንገት አምፖል በራ። ማቀዝቀዣው አጓራ።
ኔሬይዳ ግድግዳዬን በማንኪያ መታች፦
«ጎረቤት! መጣ! ተነሥ!» አለች።

ሲዬንፉዌጎስ ነው ይህ፤ በዚህ በእኛ መንገድ
መብራት እንግዳ ነው፤ የሚመጣው ለመሄድ።
እንቅልፍ ለነገ ነው። ሸሚዜን ሳልቆልፍ
ደረስኩኝ ከኩሽናዋ ደፍ።

ሠላሳ አንድ ዓመት አይስክሬም ስትጨልፍ፣
ከባንኮኒው ማዶ ሲራዘም የሰው ሰልፍ፣
የቀኝ እጇ አንጓ እንደ ሎሚ አብጦ
ጡረታ ወጣች፤ ቀረ ያ ሁሉ ቀልጦ።
ዛሬ ስሙን ሲያነሡባት ትስቃለች፤
«እሱን ተወውና ሙዝ ላጥልኝ» ትላለች።

ሙዙ ነብር ይምሰል፣ ልጣጩ ይዥጎርጎር፤
ጣት ሲነካው እሺ የሚል፣ ያለ ምንም ክርክር።
አረንጓዴ ሙዝማ ቢበርድም ቢፈጭ
ምላስ ያስራል እንጂ ቅባት አያመነጭ።
በሳንቲም ውፍረት ቆራርጣ፣ ደርድራ፣
እንዳይጣበቅ በትሪ ጎን ለጎን አኑራ
ፍሪዘር ታስገባለች፤ ከዚያ የእኛ ተራ፦
መጸለይ ነው፣ ስድስት ሰዓት መብራት እንዲሠራ።

ወተቱ የዱቄት ነው፤ በሙቅ ውሃ ትመታለች፣
ከስኳር ጋር ለስለስ ባለ እሳት ታወፍራለች።
(ስኳሩ ከየት መጣ? አለመጠየቅ ይሻላል፤
ኤውላሊዮ ያውቃል። ኤውላሊዮ ዝም ይላል።)
ግማሹን በበረዶ መሥሪያው አርግታ፣
ግማሹን ፈሳሹን በጠርሙስ አስቀርታ፦
«የውሃ በረዶ አይግባ! በረዶ ሌባ ነው፤
ሲቀልጥ ጣዕሙን ይዞ ነው የሚሸሸው።»

ከዚያ ማሜይ፤ ላዩ ሻካራ፣ አቧራማ፣
ውስጡ ጡብ የመሰለ፣ ጣፋጭ፣ ቅባታማ።
ቆንጠር አርጋ ጨው። «ለምን?» ብላት ተቆጣች፦
«ጨው የሌለው ጣፋጭ ጆሮ የለውም» አለች።

መፍጫዋን ማየት ነው! ብርጭቆው የጎረቤት፣
ሞተሩን ኤውላሊዮ፣ የሩሲያ ልብስ ማጠቢያው የሞተ ዕለት
በኑዛዜ እንዳገኘ ፈቶ የገጠመላት፤
ክዳን ስለሌለው ሳሕን ትጭናለች፣
ሌላ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ትቆማለች።
ፈሳሹ ከታች፣ የረጋው ከላይ፤
ነካ፣ ለቀቅ። ነካ፣ ለቀቅ። «አትጣደፍ፣ እይ!»
መጀመሪያ ይጮኻል እንደ ጠጠር መንገድ፣
ከዚያ ያጉተመትማል፤ ከዚያ ድምፁ ሲወርድ፣
ሲሰክን፣ ሲወፍር፣ ያኔ ነው ማቆም።
ማንኪያ ትተክላለች። ማንኪያው አይጋደም።

በመስኮት ሰማን፤ ሠፈሩ በሙሉ
ነቅተው፣ ተሽቀዳድመው፣ ጉድ ጉድ ይላሉ፤
አንዱ ልብስ ይተኩሳል፣ አንዷ ሩዝ ትጥዳለች፣
ፎቅ ላይ ያለች ሴትዮ ጸጉሯን ታደርቃለች፣
የውሃ መሳቢያው ያቃስታል።
በየቤቱ መፍጫ፣ በየቤቱ ሙዝ ይጮኻል።

ያን ሌሊት ግን፣ ገና ጠጠሩ ላይ ሳለ፣
ሙዙ ግማሽ ድንጋይ፣ ወተቱ እንደተከፈለ፣
ጭልም።
ሠፈሩ ባንድ አፍ «አአአይ!» አለ።

ማንም አልረገመ። ሳሕኑን አነሣች፤
በዳበሳ ሦስት ማንኪያ ስትፈልግ ተሰማች።
«ይቀልጣል፤ ብሉት» አለች።

በላን። አንዱ ጉርሻ ልስልስ፣ አንዱ ቅርጥፍጥፍ፤
ማንኪያ ከማንኪያ ተጋጨ በብርጭቆው አፍ።
የልጅ ልጇ ያዲየል ስድስት ዓመቱ ነው፤
አይስክሬም ቤቱን ተዘግቶ ነው የሚያውቀው።
ሲውጥ ሰማሁት። ትንሽ ዝም አለ።
«አያቴ፣ አይስክሬም የሚሉት ይሄ ነው?» አለ።

ሠላሳ አንድ ዓመት የጨለፈ እጅ
ከጎኔ ቀጥ አለ፤
ማንኪያው አልወረደም፣ አፏም አልደረሰ፣ እዚያው እንዳለ።

«ሙዝ ነው» አለችው። «ሙዝ። ነገ አስተምርሃለሁ።»
ሳቅ ይሁን ሌላ ነገር የዋጠች፣ ጨለማ ነበር፣ አላየሁ፤
ቆይታ ግን እንዲህ ስትል ሰማሁ፦
«ለማንም እንዳትናገር። ሰልፍ እጠላለሁ።»