ፋኖስ ያዥ

በመጀመሪያው ፊልም፣ ልዕልቷ ስትዳር፣
ደወል ሲደወል፣ በረዶ ሲወርድ በመስኮት ዳር፣
ከጀርባዋ ያልፋል አንድ ፋኖስ ያዥ፣
ስም የሌለው ሎሌ፣ የሁሉ ታዛዥ።
ሦስት ሰከንድ ብቻ። በሩ ጋ ሲደርስ ዞር ይላል፣
የጠራው ሰው ያለ ይመስል ወደ ኋላ ያያል፣
ከዚያ በሩ ይዘጋል።

«በደስታ ኖሩ» ተባለ፣ ታሪኩ አበቃ፤
ገበያው ግን ገና ያኔ ከእንቅልፉ ነቃ።
ሁለተኛው ወጣ፣ ሦስተኛው ተከተለ፣
ንጉሡ አርጅቶ ልጁ ዘውድ ተቀበለ፤
ፈረሱ የግሉን ተከታታይ አገኘ፣
የወጥ ቤቷ ድመት ለገና ተቀኘ፤
ጠንቋይዋም በተራዋ ልጅ ሆና መጥታ
ለምን እንደ ከፋች አስረዳች፣ ሁለት ሰዓት ሙሉ፣ ተረጋግታ።

የቀረ ሰው ጠፋ።
ልጆች ግን በየአገሩ «ያ ሎሌ ሲዞር
ምን አይቶ ነው?» እያሉ ስለ ጠየቁ፣
ጸሐፍቱ በሩቅ ከተማ ተሰብስበው ምክንያት አፈለቁ፦
የጠፋ ወንድም አለው፣ በብርድ የተለየው፣
ያን ሌሊት በሠርገኛ መሃል ድንገት ያየው።
ሰባት ደቂቃ ይበቃዋል፤
ከአዲሱ ፊልም በፊት እንደ ቅምሻ ይቀርባል።

ሥራው ባሕር ተሻግሮ ማኒላ ገባ፣
ኩባዎ፣ ከጫማ መደብር በላይ፣ ግድግዳው ላብ ወደሚጠባ
ክፍል። ሊጋያ ፑንሳላን ተቀበለችው።

ዋናው ሠዓሊ እጅ ሲነሣ ይስላል፣ እጅ ሲያርፍ ይስላል፤
በመነሣትና በማረፍ መሃል ያለው አየር ለሷ ይተርፋል።
ሃያ ሁለት ዓመት በረዶ ስትስል፣
የምታውቀው በረዶ ከዓሣ ሻጭ በርሜል።

ፋይሉን ከፈተች። ሳቀች። ሎሌውን አወቀችው፤
ያኔ፣ በጀማሪነቷ፣ እሷ ናት የሳለችው።

ዙር ያለው ማንም የለም። በትእዛዙ አልተጻፈም።
አውሎ ነፋስ ነበር ያን ማታ፤ ዝናቡ ሦስት ቀን አላባራም፤
የማሪኪና ወንዝ ሞልቶ፣ እናቷ ከወንዙ ዳር ብቻዋን፣
ስልኩ ይጠራል፣ አይነሣም፤
ይጠራል፣
አይነሣም።
እርሳሷን እንደያዘች ወደ መስኮቱ ዞረች፤
ሳታውቀው ሎሌውም ዞረ።
ተቆጣጣሪው አላየውም፤ አንገቱ እንደ ዞረ ቀረ።

(እናቷ ጣሪያ ላይ አደረች፣ ከጎረቤት ዶሮ ጋር።
ተረፈች። የስፌት መኪናዋ ብቻ ሄደ፣ ከወንዙ ጋር።)

አሁን «ወንድሙን ሳዪ» ተባለች።
ምን ትበል? ለማን ትበል? በሥዕል ቁጥር ነው የሚከፈላት።
ስትስል፣ ስትሰርዝ፣ በሦስተኛው ሳምንት ወንድሙን ወደደችው፤
ውሸት ነው፣ ግን ጆሮው ያምራል፣ እሷ ናት ትንሽ ያጎበጠችው።

በእኛ ዘንድ ባለ ተረት ሲጨርስ
«ተረቴን መልሱ» ይላል፣ «አፌን በዳቦ አብሱ»።
ተረቱስ ተመለሰ፤ በየበዓሉ ይመለሳል፣
በቦርሳ፣ በካልሲ፣ በጥርስ ብሩሽ ላይ ተስሎ ይመለሳል፤
ዳቦው ግን መንገድ ላይ ሳለ ማን ጋ እንደሚቀር
እኔ አልናገርም፤ የስሟ ፊደል እንኳ
በዝርዝሩ መጨረሻ አንድ ጎድሎት ነበር።

ብቻ በመጨረሻው ትዕይንት፣ ወንድማማቾቹ ሲተቃቀፉ፣
በሁለት ሥዕል መሃል አንድ ጨመረች፣ ማንም ሳያዛት።
የእብነ በረዱ ወለል ውሃ ያዘ፣ እስከ ቁርጭምጭሚት፤
ፋኖሱ በውሃው ላይ በራ፤
ከመስኮቱ ደፍ ላይ፣ ክንፏ የራሰ፣ አንዲት ዶሮ።
የሰከንድ ሃያ አራተኛ። ዐይን ሲርገበገብ ያልፋል።

ያልፋል እንጂ አይጠፋም። አንድ ቀን፣ አንድ ቦታ፣
እንቅልፍ እምቢ ያለው ሕፃን ፊልሙን እዚያው ላይ ያቆምና
ጣቱን መስታወቱ ላይ አሳርፎ ይጠይቃል፦
«ዶሮዋ የማን ናት?»