ሁለት ሜትር ከጋት

ስሜ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው፤
መብራት ሲበራ፣ ሰው ካፖርቱን ሲደርብ፣
አንዱ የወደቀ ጓንቱን ወንበር ሥር ሲፈልግ፣
«ኤዲተር፦ ሲርካ ሃልሜ» ይላል ግድግዳው፤
የሚያነበኝ የለም።
አልከፋም። ሙያው እንዲህ ነው፤
ስፌቱ ከታየ ሰፊው ይታማል።

ታምፔሬ ስገባ ሃያ ሁለት ዓመቴ፤
ከባቡር ጣቢያው ጀርባ፣ አንድ ምድር ቤት ውስጥ፣
በነጭ የጥጥ ጓንት፣ በምላጭ፣ በሙጫ
የሰው ፊት ስቆርጥ፣ የሰው ፊት ስቀጥል፣
ቅንጥብጣቢው ፊልም ከሽቦ ላይ ወርዶ
እንደ ደረቅ ዓሣ ሲወዛወዝ፣
ታይስቶ፣ አለቃዬ፣ ፒፓውን ነክሶ
«ቆራጭ ብቻ አትሁኚ» አለኝ፣ «ቆራጥም ሁኚ።»
ሆንኩ።
አርባ ሰዓት ሰጡኝ፣ አንድ ሰዓት መለስኩ፤
ሠላሳ ዘጠኙን የጠየቀኝ የለም።

በአሥረኛው ዓመት የወረቀት ፋብሪካው መጣ፤
መዘጋቱ ማለቴ ነው፣ በስልሳ ጥቅል ፊልም።
ከጥቅሎቹ ባንዱ ኦይቫ አለ፤
ሠላሳ ዓመት ማሽን ሦስት ላይ የቆመ፣
አሁን ወጥ ቤቱ ውስጥ የተቀመጠ።
«ፋብሪካው ሲዘጋ ምን ተሰማህ?»
ኦይቫ መስኮቱን ያያል።
የጠረጴዛውን ልብስ እጥፋት
በአውራ ጣቱ ይደፈጥጣል።
ማቀዝቀዣው ያጉረመርማል።
አንድ መኪና በበረዶ ላይ ያልፋል።
አሥራ አንድ ሰከንድ።
ከዚያ፦ «እጄ» ይላል፣ «እስካሁን
ለሌሊት ፈረቃ ይነቃል።»

ዳይሬክተሩ ቬሳ ሰዓቱን አየ፤
ጣቢያው የሰጠን ሃምሳ ሁለት ደቂቃ ነው።
ምላጬን አነሣሁ።
ጥያቄና መልስ ገጠሙ፣ እንደ በርና መቃን፤
ነፋስ አያስገቡም።
ተሸለምን።

ቁርጤን ያወቅሁት ቋሊማ ወረፋ ላይ ነው፤
ገበያ አዳራሹ ውስጥ፣ ከስድስት ክረምት በኋላ።
ከፊቴ የቆመው ዞረ፤ ኦይቫ፣ ፀጉሩ የነጣ።
«ቃሌን አልነካሽም» አለኝ፣ «ያልሁት ያው ነው።
ግን እኔ ቶሎ የምመልስ ሰው አይደለሁም።
ሚስቴ ፊልሙን አይታ
ይሄ አፈ ጮሌ ደግሞ ማነው? አለችኝ።»
ሳቀ። ትኩስ ጥቁር ቋሊማውን በወረቀት ተቀብሎ ሄደ።
ተራዬ ደርሶ ሻጯ ሁለቴ ጠራችኝ።

ከአፍ የወጣ አፋፍ ይላሉ።
ከአፍ ሳይወጣ በፊት ያለውስ?
እሱን የጣለ ማን ይባላል?

ወጣቶቹ ዛሬ በኮምፒውተር ይቆርጣሉ፤
አንድ ቁልፍ ሲነኩ የተቆረጠው ይመለሳል፤
የእኔ ምላጭ ግን ወደ ኋላ አያውቅም።
ጡረታ በወጣሁ ሰሞን ምድር ቤቱን ሊያፈርሱ ነው ሲሉ
ሄጄ ቆርቆሮዎቹን ከፈትኩ፣ ሦስት ቀን፣
ሆምጣጤ ሆምጣጤ በሚል አየር ውስጥ።
በገዛ እጄ ጽሑፍ «ትርፍ» ይላል።
ሁለት ሜትር ከጋት።
ከባለቤቱ ቁመት ይበልጣል።

ይዤው ሄድኩ። ሚስቱ የለችም፤
የጠረጴዛው ልብስ ያው ነው።
ኦይቫ ጫፉን በሁለት ጣት ይዞ
ለመስኮቱ ብርሃን ሰጠው፤
ትናንሽ ኦይቫዎች፣ ሁለት መቶ ሰባ አምስት፣
አፋቸውን የዘጉ።
ምን ይመስልሃል? አልኩት።

መስኮቱን አየ።
ማቀዝቀዣው አጉረመረመ።
ሰዓት አልቆጠርኩም።