ጥራዝ

ሐዋሳ፣ አሮጌ ገበያ፣ ከልብስ ሰፊዎች ተርታ፣
ሙጫዬን ሳፈላ መጣች የሌዳሞ እናት፣ ማታ።
በፌስታል የቋጠረችው፣ ጀርባው የረገፈ ጥራዝ፣
ስገልጠው ቆጮ ቆጮ አለኝ፤ ከኅዳጉ የአውራ ጣት ወዝ።

"ስፋልኝ፣ ልጄ አጥናፉ።"
ቆጠርኩ፤ ስድሳ ስድስት ናቸው፤ ክፍሎቹ እዚያው አረፉ።
እኔ የቆሎ ተማሪ፣ ሰማንያ አንድ ብዬ ያደግሁ፣
"ጎድሏል እኮ" ልላት ብዬ ክሩን በጥርሴ በጠስሁ።

ድሮ ይመስለኝ የነበረ፦ አንድ ቀን፣ አንድ አዳራሽ፣
ጢማም አባቶች ተሰብስበው፣ አንዱ ጠያቂ፣ አንዱ መላሽ፣
"ይህ ይግባ፣ ያኛው ይውጣ" ይባባላል፤
እንደ ቀበሌ ስብሰባ እጅ ወጥቶ ይጨበጨባል።

አልነበረም።
ደብዳቤው በነጋዴ ጉያ ከወደብ ወደብ ዞረ፤
አንዷ ማኅበር ገለበጠች፤ ጎረቤቷ ዘንድ አደረ፤
ሦስተኛዋ "አላውቀውም" ብላ በሯን ዘጋችበት፤
መቶ ዓመት፣ ሁለት መቶ፣ ዝርዝር ከዝርዝር ሳይገጥምለት
ሰው ያነብ ነበር ብቻ፣ ዘይቱ እስኪያልቅ በኩራዙ፣
ጭፍሮች በር መትተው "መጻሕፍቱን ለእሳት" ብለው እስኪያዙ።
ያን ጊዜ አንባቢው በደጃፉ ቆሞ፣ ምጥ ሆነበት፤
የቱን ልስጥ? የቱስ ላይ ልሙት?
አንዱ ብልጥ የመድኃኒት መጽሐፍ አስረከበ ይባላል፤ ሳቅሁበት።

አልሳቀችም የሌዳሞ እናት።
"በደርግ ጊዜ፣" አለች፣ "ጸሎት ቤቱ ታሽጎ፣ ካድሬው መጣ ቤቴ፤
ሁለት ነበረኝ። የመዝሙር ደብተሬን፣ በእጄ የጻፍኩትን፣
ሰጠሁት፤ ተላወሰ አንጀቴ።
ይህን በእንሰት ቅጠል ጠቅልዬ ከቆጮው ጉድጓድ ቀበርኩ።"

"ለምን ይህን?"

"ያኛው የኔ ነው። ለዚህኛው ግን ማታ ማታ የሚመጡ አሉ፤
ዓይናቸው የደከመ፣ ፊደል ያልቆጠሩ፤
ምን ልበላቸው 'የታለ?' ካሉ?"

ሰፋሁት። ወዝ የጠገበውን ገጽ፣ ማንም ያልነካውን ነጩን፣ አብሬ፤
ከመጨረሻው ኋላ ዐሥራ አምስት ባዶ ቅጠል ጨምሬ።
"ይሄስ ምንድነው?"
"ክዳኑን ያጠነክራል፣" አልኳት። ዋሸሁ።

ባዶውን በአውራ ጣቷ ዳበሰች።
"ለመዝሙሮቼ ይበቃል፣" አለች፤
ሁለት ቆሮሶ ጠረጴዛዬ ላይ ትታ ሄደች።